ስለ እንጨት ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች፦ ከዋንዛ እስከ ኤምዲኤፍ

አልጋ፣ በር ወይም ቁም ሣጥን ሊያሠራ የተነሣ ሰው አናጢው ጋ ሲደርስ አስቀድሞ የሚጠይቀው «የምን እንጨት ነው?» ብሎ ነው። ጥያቄው መልካም ቢሆንም ግማሽ ነው። «ደርቋል ወይ?» የሚለው ሌላኛው ግማሽ ስለሚዘነጋ ስንት ውድ ዋንዛ ኅዳር ሲገባ ተሰንጥቆ ባለቤቱን አሳዝኗል። ከዚህ በታች ያሉት ጥያቄዎች ከገዢዎችም፣ ከጀማሪ አናጢዎችም፣ ቤት ከሚሠሩ ሰዎችም የሚመጡ ናቸው።

ከሁሉም የሚሻለው እንጨት የቱ ነው?

ለምን ሥራ? ለአጥር ቋሚ ዋንዛ ማቆም ገንዘብ መቅበር ነው። ለመሳቢያ ወይራ መጠቀም ደግሞ አናጢውንም መሣሪያውንም መቅጣት ነው። መሬት ውስጥ የሚቀበር እንጨት ምስጥንና እርጥበትን መቋቋም አለበት፤ በርና መስኮት እንዳይጣመም ይፈለጋል፤ በርጩማና ገበታ ለመጥረብ የሚታዘዝ እንጨት ይሻሉ፤ የመጥረቢያ እጀታ ምቱን ችሎ የማይሰበር መሆን አለበት። እነዚህን ሁሉ አሟልቶ የያዘ ዛፍ የለም።

«ጠንካራ እንጨት» ሲባል ምን ማለት ነው?

ገበያ ውስጥ ጠንካራ የሚባለው ከባዱና ምስማር አላስገባ የሚለው ነው። በእንጨት ሳይንስ ግን ክፍፍሉ የሚነሣው ከዛፉ ዘር ነው። ሰፋፊ ቅጠል ያላቸውና የሚያብቡት እንደ ዋንዛ፣ ወይራና ባሕር ዛፍ ያሉት በአንድ ወገን ይመደባሉ። አበባ የሌላቸው ጠባብ ቅጠሎቹ ጥድ፣ ዝግባና ፓቱላ (ከውጭ የመጣ፣ ቅጠሉ እንደ መርፌ የቀጠነ ዛፍ) በሌላ ወገን ናቸው። የመጀመሪያዎቹን በመጋዝ ቆርጣችሁ ጫፋቸውን ብትመለከቱ ውኃ ይመላለስባቸው የነበሩ ጥቃቅን ቀዳዳዎች ታያላችሁ፤ በሁለተኛዎቹ ላይ እነዚያ ቀዳዳዎች የሉም።

ክፍፍሉ ስለ ጥንካሬ ብዙ አይነግርም። በመጽሐፍ «ጠንካራ» ከሚባለው ወገን የተመደበው ዋንዛ «ለስላሳ» ከተባለው ከጥድ ይቀላል። ለገዢ የሚጠቅመው ክብደቱ ነው። ደረቅ ዋንዛ በሜትር ኪዩብ ከ400 እስከ 550 ኪሎ ግራም ቢመዝን ነው። የሐበሻ ጥድ ከ500 እስከ 600 ገደማ፣ ነጭ ባሕር ዛፍ ከ700 በላይ ይመዝናል። ወይራ ወደ 1,000 ይጠጋል፤ እንዲያውም ልቡ (የግንዱ ጠቆር ያለው የመሐል ክፍል) ውኃ ውስጥ ሊሰጥም ይችላል። ቁጥሮቹ ዛፉ እንደበቀለበት ቦታና እንደ ዕድሜው ከፍ ዝቅ ይላሉ። እንጨቱ በከበደ መጠን አብዛኛውን ጊዜ ጭነት ይችላል፤ በዚያው ልክ ለመላግና ለመጋዝ ያስቸግራል፣ ሲደርቅም ብዙ ይሸማቀቃል።

ዋንዛ ለምን ይህን ያህል ተወደደ?

ምክንያቱ ውበቱ ብቻ አይደለም። ዋንዛ ለመሣሪያ የሚታዘዝ እንጨት ነው። በመላጊያ ሲገፉት ሳይፋቅ ለስልሶ ይወጣል፤ መሮ ይቀበላል፣ ኮላ ይይዛል፣ ቫርኒሽም ያምርበታል። ልቡ ሲቆረጥ ፈካ ያለ ቡናማ ሆኖ ሲውል ሲያድር እየደመቀ ይሄዳል። ዋናው ጠባዩ ግን ሌላ ነው፤ በደንብ ከደረቀ በኋላ ረግቶ ይቀመጣል፣ እንደ ባሕር ዛፍ አይንጋደድም። በርና ቁም ሣጥን የሚሠሩ አናጢዎች ዋንዛ ሲያገኙ ፊታቸው የሚፈታው ለዚህ ነው።

ከአንድ ግንድ ተፈልፍሎ ያለ ምስማርና ያለ ኮላ የሚወጣው ባለ ሦስት እግር የጅማ በርጩማ ከዋንዛ የሚሠራ ነው። ከበሮ፣ ገበታ፣ ሙቀጫና የንብ ቀፎም ከዋንዛ ይሠራሉ። ዛፉም በቁሙ ሥራ አይፈታም፤ በደቡብና በምዕራብ ለቡና ጥላ ይሆናል፣ የሚያጣብቀውን ጣፋጭ ፍሬውን ደግሞ ገጠር ያደገ ልጅ ሁሉ ያውቀዋል።

ችግሩ ስሙ ከእንጨቱ በላይ መሸጡ ነው። «ዋንዛ ነው» ተብሎ የሚቀርበው ሁሉ ዋንዛ አይደለም፤ ቡናማ ቀለም ጠጥቶ የመጣ ሌላ እንጨት ሞልቷል። የቤት ዕቃ ስትገዙ ፊቱን ተዉትና የመሳቢያውን ሥር፣ የቁም ሣጥኑን ጀርባ፣ የአልጋውን የውስጥ ጠርዝ ተመልከቱ፤ ቀለም ያልደረሰበት ቦታ እውነቱን ይናገራል። አንሡትም። ዋንዛ እንደ መጠኑ ቀላል ነው፤ ትንሽ ወንበር አንሥታችሁ ወገባችሁ ከተንቋቋ ነገር አለ። አንድ ዕቃ ውስጥ ልቡና በዙሪያው ያለው ነጩ ክፍል ተቀላቅለው ከሆነም እወቁ፤ ነጩ ለነቀዝ የተጋለጠ ስለሆነ ቀለሙ ቢመሳሰልም ዕድሜው አይመሳሰልም።

የሐበሻ ጥድና የፈረንጅ ጥድ አንድ አይደሉም?

አይደሉም፤ ስማቸው እንጂ ሥራቸው አይገናኝም። የሐበሻ ጥድ በደጋው አብያተ ክርስቲያናት ቅጥር ውስጥ የምናየው አገር በቀል ዛፍ ነው። ልቡ ቀላ ያለ ቡናማ ሲሆን ሲላግ ደስ የሚል ሽታ አለው፤ አዲስ የተቀረጸ እርሳስ ያሸተተ ሰው ወዲያው ያውቀዋል፤ የጥድ ዘመዶች በዓለም ላይ ለእርሳስ መሥሪያ ሲውሉ ኖረዋልና። በውስጡ ያለው ዘይት ምስጥንና መበስበስን ስለሚከላከል የጥድ ቋሚ መሬት ውስጥ ለአሥርተ ዓመታት ይቆያል። ድክመቱ በቀላሉ መሰንጠቁ ነው፤ ጠርዝ አካባቢ ምስማር ስትመቱ ቀድማችሁ ካልበሳችሁ ይተረተራል።

የፈረንጅ ጥድ የመጣው ከሜክሲኮና ከመካከለኛው አሜሪካ ነው። ቶሎ ያድጋል፣ ቀጥ ብሎ ይወጣል፣ ለጣውላና ለጣሪያ ሥራ ይሆናል። ጉጥ ግን ይበዛበታል፤ ጉጡ ሲደርቅ ወልቆ ጣውላው ላይ ቀዳዳ የሚተውበት ጊዜም አለ። ምስጥን በመቋቋም ከሐበሻው ጋር አይወዳደርም። ሻጩ «ጥድ ነው» ብሎ ዝም ካለ «የየትኛው?» ብላችሁ መጠየቅ መብታችሁ ነው።

ወይራ እንዲህ ጠንካራ ከሆነ ለምን የቤት ዕቃ ሆኖ አይታይም?

አንደኛ፣ ቀጥ ያለና ረጅም ግንድ አይሰጥም፤ ይጠማዘዛል፣ ውስጡም ብዙ ጊዜ ባዶ ነው። ሁለተኛ፣ የመጋዝ ጥርስ ይጨርሳል። ሦስተኛ፣ ሲደርቅ ስለሚሰነጠቅ ትዕግሥት ይጠይቃል። ስለዚህ ወይራ ሲሠራ የኖረው አጭርና ጠንካራ ነገር በሚፈለግበት ቦታ ነው፦ ዱላ፣ የመሣሪያ እጀታ፣ የሙቀጫ ዘነዘና፣ የአጥርና የቤት ቋሚ። ጥቁር ቡናማ መስመሮቹ ሲለሰልሱ እጅግ ያምራሉ፤ ትንንሽ የጌጥ ዕቃ ለሚሠራ ሰው ከወይራ የሚበልጥ አላየሁም።

የወተት ዕቃና የጠላ ጋን የሚታጠንበት ጭሱስ? እሱ የእናቶቻችን እውቀት ነውና አናጢ አይናገርበትም።

ባሕር ዛፍ ለቤት ዕቃ ይሆናል?

ይሆናል፤ ነገር ግን የሚያውቀው ሰው ካዘጋጀው ብቻ ነው። ለባሕር ዛፍ ብዙ ሰው ክፉ አፍ አለው፤ እኔ ግን ከተማዋ ለእሱ ባለዕዳ ናት ባይ ነኝ። አዲስ አበባ ከተቆረቆረች በኋላ ዙሪያዋ ተመንጥሮ ማገዶና የቤት መሥሪያ ሲጠፋ ዐፄ ምኒልክ ወደ አዲስ ዓለም ከተማ ለመዛወር አስበው ነበር። በ1880ዎቹ ዓ.ም. ከውጭ የገባው ይህ ዛፍ ቶሎ አድጎ ዋና ከተማዋን ባለችበት አጸናት። ስሙም የሚለው ይህንኑ ነው፤ ከባሕር ማዶ የመጣ ዛፍ።

ከተተከለ ከ5 እስከ 7 ዓመት ባለው ጊዜ ለቤት ቋሚና ማገር ይደርሳል፤ ከተቆረጠ በኋላም ከጉቶው እንደገና ያቆጠቁጣል። አዲስ አበባ ውስጥ ሰፈር እስከ መሰየም የደረሰው አጠና የእሱ ነው። ቅጠሉና ጭራሮው የእንጀራ ምጣድ ያግላሉ።

ጣውላ ላይ ሲመጣ ጠባዩ ይለወጣል። ዛፉ በፍጥነት ሲያድግ ግንዱ ውስጥ የተወጠረ ጉልበት ይጠራቀማል። መሰንጠቂያው ላይ ግንዱ ሲከፈት ያ ውጥረት ይለቀቅና ጣውላው ዓይናችሁ እያየ እንደ ቀስት ይጎብጣል፣ ጫፎቹም ይሰነጠቃሉ። በወጣትነቱ የተቆረጠ ቀጭን ባሕር ዛፍ ለዚህ ይብሳል። ያረጀ፣ ወፍራምና በዝግታ የደረቀ ከሆነ ግን ለጠረጴዛ እግር፣ ለአልጋ ማዕቀፍና ለወለል የሚሆን ብርቱ እንጨት ይወጣዋል። ከሁለቱ የታወቁ ዓይነቶች ቀይ ባሕር ዛፍ ከነጩ ይልቅ መበስበስን ይቋቋማል፤ ነጩ መሬት ውስጥ ሳይታከም ከተቀበረ ለምስጥ ቀለብ ነው።

ዝግባ፣ ኮሶና ጥቁር እንጨትስ?

ዝግባ ፈዛዛ ቢጫ፣ ወጥና ጉጥ የማይበዛበት ነው። ለጣውላ፣ ለበርና ለውስጥ ሥራ ግሩም ነው፤ ዝናብና መሬት ግን አይንካው። ኮሶ ቀይ ልብ አለው፣ ለቤት ዕቃ ያምራል፤ ነቀዝ ስለሚወደው ግን ካልታከመ አትመኑት። (አበባው ለኮሶ ትል መድኃኒት ሲጠጣ የኖረ ነው፤ «ኮሶ አጠጣው» የሚለው አነጋገር ስለ መራራነቱ ይመሰክራል።)

ጥቁር እንጨት ደግሞ ስሙ ያሳስታል፤ የሚጠቁረው ቅርፊቱ ነው፣ እንጨቱ ቀላ ያለ ቡናማ ነው። ከባድና ብርቱ ነው። ቅርፊቱ ለፕሮስቴት ሕመም መድኃኒት ስለሚፈለግ ከ1980ዎቹ መጨረሻ ዓ.ም. ጀምሮ ዓለም አቀፍ ንግዱ ቁጥጥር ይደረግበታል።

ግራቪሊያ የሚባለው ምንድን ነው?

ከአውስትራሊያ የመጣ ዛፍ ነው፤ በመንገድ ዳርና በቡና ማሳ ውስጥ ይታያል። እንጨቱ በትክክለኛው አቅጣጫ ሲሰነጠቅ እንደ ዳንቴል የሚያብረቀርቅ ጌጥ ያወጣል። ዋንዛ ለራቀበት ሰው የምመክረው እሱን ነው። ሰጋቱራው የአንዳንድ ሰው ቆዳ ስለሚያሳክክ ሲቆርጡና ሲያለሰልሱ አፍና አፍንጫን መሸፈን ይገባል።

እንጨቱ መድረቁን በምን አውቃለሁ?

ከሁሉም የሚበልጠው ጥያቄ ይህ ነው።

አንድ ጊዜ ነሐሴ ላይ ሁለት ተካፋች ያለው የዋንዛ ቁም ሣጥን አሠራሁ። እንጨቱ እውነተኛ ዋንዛ ነበር፤ ራሴ መርጬዋለሁ። ጥቅምት አልፎ ደረቁ ነፋስ ሲጀምር ሌሊት ከመኝታ ቤት «ቷ!» የሚል ድምፅ ሰማሁ። ሌባ መስሎኝ ተነሣሁ። የበሩ ሰፊ ጣውላ ከላይ እስከ ታች ተሰንጥቆ ነበር። በደረቅ አበሳ እርጥብ ይነዳል ይባላል፤ እኔ ቤት የሆነው ተገላቢጦሹ ነው፤ እርጥቡ ጣውላ ሲሸማቀቅ ደረቁን ማዕቀፍ አላቆ መጋጠሚያውን ሁሉ ከፈተው። ጥፋቱ የአናጢው ብቻ አልነበረም፤ እኔም «ለመስከረም አድርስልኝ» ብዬ አጣድፌው ነበር።

አዲስ የተቆረጠ ግንድ ከራሱ ደረቅ ክብደት ግማሽ ያህል፣ አንዳንዴም ከዚያ በላይ ውኃ ይሸከማል። ውኃው ወደ 30 በመቶ እስኪወርድ ድረስ እንጨቱ ይቀላል እንጂ መጠኑ አይለወጥም። ከ30 በታች መውረድ ሲጀምር ግን መሸማቀቅ ይመጣል። ለቤት ውስጥ ዕቃ ወደ 12 በመቶ መድረስ አለበት።

ለማወቅ ትንሽ ሚዛንና ምድጃ ይበቃል። ከጣውላው መካከል (ጫፉ ቀድሞ ስለሚደርቅ ያታልላል) ቁራጭ ወስዳችሁ መዝኑ። ከ100 ዲግሪ ትንሽ ከፍ ባለ ሙቀት ክብደቱ መቀነሱን እስኪያቆም ድረስ አድርቁና እንደገና መዝኑ። ልዩነቱን ለደረቁ ክብደት አካፍሉ። መጀመሪያ 575 ግራም የነበረው 500 ግራም ላይ ከቆመ 75 ለ500 ሲካፈል 15 በመቶ ይሆናል፤ ጥቂት ይቀረዋል ማለት ነው። በሁለት መርፌ ጣውላውን የሚወጋው የእርጥበት መለኪያ ያለው አናጢ ካገኛችሁ ሥራው ይቀላል። ሁለቱም ከሌሉ ጉንጫችሁን ጣውላው ላይ አሳርፉ፤ እርጥብ እንጨት ይቀዘቅዛል። ይህ ግምት ነው፤ በግምት ብቻ ውድ ሥራ አይሠራም።

ራሳችሁ የምታደርቁ ከሆነ ጣውላውን ከመሬት አንሡትና በየመካከሉ 2 ሳንቲ ሜትር ገደማ ውፍረት ያላቸው ደረቅ ቁርጥራጮች እያደረጋችሁ ደርድሩት፤ ቁርጥራጮቹ ከላይ እስከ ታች በአንድ መስመር ይዋሉ። ላዩን በከባድ ነገር ተጫኑት፣ ጫፎቹን ቀለም ቀቧቸው። ፀሐይ ላይ አታስጡት፤ ጥላና ነፋስ ነው የሚፈልገው። ውፍረቱ እጥፍ የሆነ ጣውላ የሚፈጅበት ጊዜ ከእጥፍ በላይ ነው።

የቤቴ የእንጨት በር ክረምት ላይ ለምን አልዘጋ ይላል?

ደረቅ እንጨትም ከአየሩ እርጥበት ይጠጣል፣ በበጋ መልሶ ይተፋል። ሲያብጥና ሲሸማቀቅ ወደ ቁመቱ የሚለወጠው ኢምንት ነው፤ የሚለወጠው ወደ ጎን ነው። ወደ ጎንም ቢሆን የግንዱን ቀለበቶች ተከትሎ የሚለወጠው ከመሐል ወደ ውጭ ከሚለወጠው እጥፍ ገደማ ይሆናል፤ ጣውላ የሚጎብጠው በዚህ አለመመጣጠን ነው። የድሮ አናጢዎች የበሩን መሐል ጣውላ በማዕቀፉ ቦይ ውስጥ ያለ ኮላ የሚያስገቡት እንዲተነፍስ ነው።

በሩ ሐምሌ ላይ ሲነክስ ወዲያው አትላጉት። በሐምሌ የተላገ በር ጥር ላይ ብርድ ያስገባል። ኅዳር ድረስ ታገሡ፤ ያኔም ካልተላቀቀ ጥቂት አንሡለትና የላይና የታች ጠርዙን ቀለም ቀቡ። ቀለም ቀቢዎች እነዚህን ሁለት ጠርዞች ስለሚዘሏቸው እርጥበቱ የሚገባው በዚያ ነው።

ምስጥን የሚቋቋመው የቱ ነው?

የሐበሻ ጥድ ልብና የወይራ ልብ ከፊት ይሰለፋሉ። የዋንዛ ልብም ደህና ይቋቋማል። ብሳና፣ ዝግባ፣ ነጭ ባሕር ዛፍና የማንኛውም ዛፍ ነጩ ክፍል በምስጥ ይበላሉ። የገጠሩ ቤት ጣሪያ ለዘመናት የቆየው ጭሱና ጥላሸቱ ነቀዝ ስለሚያርቅ ጭምር ነው፤ ቆርቆሮና ጭስ ማውጫ ሲገባ ይህ ጥበቃ ቀርቷል። ቋሚው የሚቀበርበትን ጫፍ በተቃጠለ የሞተር ዘይት መንከር የተለመደ ነው፤ ጥቂት ያዘገያል፣ ነገር ግን አፈሩንና የጉድጓድ ውኃውን ይበክላል። ከተቻለ ቋሚውን በድንጋይ ወይም በኮንክሪት መሠረት ላይ ከመሬት አንሥቶ ማቆም ይሻላል።

ኤምዲኤፍ፣ ቺፑድና ፕላይውድ ምን ይለያቸዋል?

ፕላይውድ (የቀድሞ አናጢዎች ኮምፔንሳቶ የሚሉት) ስስ የእንጨት ንጣፎች አንዱ በአንዱ ላይ እየተሻገሩ በኮላ የተጣበቁበት ነው፤ ከሦስቱ ብርቱው እሱ ነው፣ ብሎንም ይይዛል። ኤምዲኤፍ እንደ ጥጥ ከተፍታታ የእንጨት ጭረት የተጨመቀ ነው፤ ገጹ ልስልስ ስለሆነ ቀለም ያምርበታል። ቺፑድ ከእንጨት ስብርባሪ ይሠራል፤ ርካሽ ነው፤ ብሎኑ አንዴ ከወለቀ ቀዳዳው መልሶ አይዝም። ቺፑድና መደበኛው ኤምዲኤፍ ውኃ ሲነካቸው እንደ ዳቦ ያብጣሉ፣ ወደ ቀድሞ መጠናቸውም አይመለሱም። ለኩሽና ቁም ሣጥን ከወሰናችሁ የቱቦው አካባቢ ፕላይውድ ይሁን፤ የቀረውን እንደ ኪሳችሁ።

ቀርከሃ እንጨት ነው?

ሣር ነው። ግን ለመሰላል፣ ለአጥር፣ ለቅርጫትና ለወንበር ከብዙ እንጨት የተሻለ ይሠራል። ስኳርና ስታርች ስለሚበዛበት ነቀዝ ቶሎ ይገባዋል፤ የበሰለው ተመርጦ ካልታከመ ዱቄት እያፈሰሰ ያልቃል።

ግቢዬ ውስጥ ያለውን ዋንዛ ወይም ጥድ መቁረጥ እችላለሁ?

ሳትጠይቁ አትቁረጡ። በ1986 ዓ.ም. የወጣው የደን አዋጅ ቁጥር 94 ኮሶን፣ ዋንዛን፣ ዝግባንና ጥድን በስም ጠርቶ ከመንግሥት ደን እንዳይቆረጡ ከልክሎ ነበር። ከዚያ በኋላ በእሱ ቦታ አዋጅ ቁጥር 542/1999፣ ቀጥሎም 1065/2010 ወጥተዋል፣ ክልሎችም የየራሳቸው ደንብ አላቸው። ራሳችሁ የተከላችሁት ዛፍና ከተፈጥሮ ደን የሚወጣው በአንድ ዓይን አይታዩም። ለማንኛውም ከአካባቢው የግብርና ወይም የደን ጽሕፈት ቤት የመቁረጫና የማጓጓዣ ፈቃድ በጽሑፍ ያዙ፤ ኬላ ላይ የቃል ፈቃድ አያሻግርም።

ውጭ አገር ለሚኖሩ ቤተሰቦቼ በርጩማ ወይም ከበሮ ልልክ እችላለሁ?

አዎ፤ ቅርፊት ያልቀረበት፣ የነቀዝ ቀዳዳ የሌለበትና በደንብ የደረቀ ይሁን። በተለይ አውስትራሊያ ጥብቅ ናት፤ ስትገቡ የእንጨት ዕቃ መያዛችሁን አስመዝግቡ፣ ደብቆ መገኘት ያስቀጣል። በእንጨት ሣጥን የምታሽጉ ከሆነ ሣጥኑ ራሱ የታከመ መሆን አለበት። በሙቀት የሚታከም ከሆነ ዓለም አቀፉ ደንብ የእንጨቱ መሐል 56 ዲግሪ ሙቀት ለ30 ደቂቃ እንዲያገኝ ይጠይቃል፤ ማኅተሙም ሣጥኑ ላይ ይመታል። ከበሮው ቆዳ ስላለው ደግሞ የእንስሳት ውጤት ደንብ ይመለከተዋል፤ ከመላካችሁ በፊት የተቀባዩን አገር ጉምሩክ ጠይቁ። ሌላም ነገር አለ፤ ከአዲስ አበባ የሄደ በርጩማ የብርዱን ወራት ሙሉ ማሞቂያ በሚበራበት በአሜሪካ የሚኒሶታ ሳሎን ውስጥ የበለጠ ይደርቃል፤ ማሞቂያው አጠገብ አታስቀምጡት።